መሬትን የሚያዳምጥ ፍጡር ጆሮው የት ይሁን?

የመክፈቻ ጽሑፍ

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ነኝ። ማታ ማታ የሌላ ዓለም ታሪክ እጽፋለሁ፤ አሁን አንድ ቦታ ላይ ስለቆምኩ ልጠይቃችሁ መጣሁ።

የምጽፈው ዓለም አየሩ እንደ ማርስ ስስ ነው። ማርስ ላይ የአየሩ ግፊት የእኛን ከመቶ አንድ እጅ አያህልም፤ እንዲህ ባለ ቦታ ቢጮኹ ድምፁ እልፍ ሳይል ይሞታል። መሬቱ ግን ዐለት ነው። ዐለት ደግሞ ንዝረትን ከአየር አብልጦና ፈጥኖ ያደርሳል። ስለዚህ እዚያ የሚኖር ፍጡር ጆሮው ወደ መሬት የዞረ ነው የሚሆነው ብዬ ስድስት እግር ሰጠሁት። ቁመቱ የፍየል ያህል ነው፤ ከፊት እግሩ እስከ ኋላ እግሩ አንድ ሜትር ገደማ። በየእግሩ መዳፍ ሥር ፈሳሽ የቋጠረ ከረጢት አለ፤ በከረጢቱ ውስጥ የሽንብራ ፍሬ የምታህል ጠጠር በጥቃቅን ፀጉሮች ላይ ተቀምጣለች። መሬቱ ሲነዝር እግሩ አብሮ ይነዝራል፤ ጠጠሯ ግን ክብደቷ ይዟት ትዘገያለች፤ ፀጉሮቹ ይጎብጣሉ፤ ፍጡሩም ይሰማል። ከባዶ ያመጣሁት አይደለም፤ በእኛም የውስጥ ጆሮ ሚዛናችንን የሚጠብቁልን ደቃቅ የካልሲየም ጠጠሮች አሉ። አካሉን እግረ ጆሮ ብዬዋለሁ።

ሐሳቡን የሰጠችኝ አያቴ ናት። ልጅ ሆኜ ክረምቱን ወረኢሉ በኩል እሷ ዘንድ ነበር የምከርመው። ማታ መደብ ላይ ቁጭ ብላ ስትፈትል፣ ድንገት እንዝርቷን ቀጥ ታደርግና ሰው እየመጣ እንደሆነ ትነግረን ነበር። ውሻው ገና አልጮኸም። ጎረቤት ይሁን እንግዳ፣ ባዶ እግሩን ይሁን በጫማ፣ ትለየዋለች። እኔ የጻፍኩት ፍጡር ከእሷም የበለጠ ነው፤ እየሄደም፣ እየበላም፣ ተኝቶም በዙሪያው ያለውን ሁሉ ይሰማል። ጥያቄዬ ይህ ነው፦ አካሉ በእርግጥ ይሠራል ወይ? ምንስ ጎደለው?

(የውይይቱ ክር ስለረዘመ አዲስ የሚገባ ሰው እንዳይጠፋበት ምላሾቹን በየቁጥራቸው በራሴ አነጋገር ከዚህ በታች አስቀምጫለሁ።)

ምላሽ 1። ወልድያ ፊዚክስ የሚያስተምሩ መምህር ናቸው የጀመሩልን። መሠረቱ ትክክል ነው ብለው አበረታቱኝ። የመሬት መንቀጥቀጥ የሚመዘግበው ሲስሞሜትርም የሚሠራው በዚሁ መንገድ እንደሆነ አስረዱ፤ የተንጠለጠለ ክብደት ባለበት ሲቀር ሣጥኑ ከመሬቱ ጋር ይንቀሳቀሳል፣ ልዩነቱ ይመዘገባል። ቀጥለው ግን ጠጠሬን ያዙብኝ። ሽንብራ የምታህል ጠጠር ጠንከር ባለ ፀጉር ላይ ከተቀመጠች የምትሰማው ፈጣኑን ንዝረት ብቻ ነው። የእግር ኮቴ ትሰማለች፤ ከሩቅ የሚመጣው፣ አንዱ ውዝዋዜ ብዙ ሰከንድ የሚፈጅበት ዝግተኛ ሞገድ ግን ጠጠሯንም ፀጉሩንም አንድ ላይ ይዞ ያልፋል። ዝግተኛውን ለመያዝ ወይ ክብደቱ መጨመር አለበት ወይ ማንጠልጠያው እጅግ መላላት። ሁለት ዓይነት አካል እንድሰጠው መከሩኝ። ያን ሌሊት የጻፍኩትን ምዕራፍ አፍርሼ እንደገና ጀመርኩ።

ምላሽ 2። መጽሐፉ መቼ እንደሚወጣ የጠየቀና የመረቀኝ ሰው ነው። አሜን ብያለሁ።

ምላሽ 3። ከቆቦ የጻፈ ወጣት እንዲህ ያለ አካል ለማየት ሌላ ዓለም መሄድ አያስፈልግም፣ ድንጋይ ገልብጦ ማየት ይበቃል ባይ ነው። የቆቦ ሜዳ ሙቀት ለጊንጥ እንደሚመች የሚያውቅ ያውቃል። እሱ እንዳስረዳው የአሜሪካን በረሃ የአሸዋ ጊንጥ በስምንቱም እግሮቹ ጫፍ አጠገብ ስንጥቅ የሚመስሉ ጥቃቅን የስሜት አካላት አሉት፤ አሸዋው ሲነዝር ስንጥቆቹ ይጨመቃሉ። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ የተደረጉት ምርመራዎች ያሳዩት ደግሞ ይበልጥ ያስደንቃል። አሸዋ ላይ የገጽ ሞገድ በሰከንድ 50 ሜትር ያህል ብቻ ነው የሚሄደው። እንዲህ የሚያዘግም በመሆኑ ጊንጡ ንዝረቱ ቀድሞ የትኛው እግሩ ጋ እንደደረሰ አውቆ ወደዚያ ይዞራል። የሚለየው የጊዜ ልዩነት እስከ 0.2 ሚሊ ሰከንድ ይወርዳል። ግማሽ ሜትር ርቃ የምትላወስ ነፍሳት ታዲያ አታመልጠውም።

ምላሽ 4። መምህሩ ተመልሰው የጊንጡን ቁጥር በእኔው ፍጡር ላይ አሰሉት። ጠንካራ ዐለት ላይ የገጽ ሞገድ በሰከንድ 3 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሄድ፣ አንድ ሜትር በተራራቁ እግሮች መካከል የሚኖረው ልዩነት ከ0.3 ሚሊ ሰከንድ ብዙም አይርቅም። ፍጡሬ አቅጣጫ ለመለየት የጊንጡን ያህል የሰላ መሆን አለበት ማለት ነው፤ ይቻላል፣ ግን ጥግ ላይ ነው። እግሮቹን ዘርጋ አድርግለት አሉኝ፤ ዘረጋሁለት።

ምላሽ 5 እና 6 ስሙ ላይ የተነሣ ክርክር ናቸው። አንድ ግእዝ የተማሩ አባት እግረ ጆሮ የሚለው ስም አልጣማቸውም። የፊቱ ቃል በግእዝ አገባብ ተናብቦ የኋላው አማርኛ ነው፤ ደግሞም ሲፈቱት የጆሮ እግር ይሆናል እንጂ የእግር ጆሮ አይሆንም አሉ። እዝነ ልቡና እንደምንለው እዝነ እግር በለው ብለው መከሩ። መንቀጥቀጡንም ግእዙ ድልቅልቅ እንደሚለው ጨመሩ፤ ቃሉ ራሱ ሲነገር ምድር የሚያነዋውጥ ነው። ቀጥሎ የመጣው ልጅ ደግሞ እዝነ እግር የሚል ታሪክ ወጣት አያነብም ብሎ ተቃወመ። አገባቡን ግን እኔም መካድ አልቻልኩም።

ምላሽ 7። ከላሊበላ አንድ ዲያቆን ጻፈ። በገና ሌሊት በቤተ ማርያም ግቢ ባዶ እግሩን ቆሞ፣ ከበሮው ሲመታ ተረከዙ ከጆሮው እንደሚቀድም ከልጅነቱ ጀምሮ ያውቀዋል። ለሰው ሲናገር ግን የሚያምነው አላገኘም። ምቱ በዐለቱ መጥቶ አጥንት ውስጥ ከገባ በኋላ ነው ድምፁ የሚከተለው። ሰው ሲበዛና ሲያሸበሽብ ግን ምቱ ከእግሩ ይጠፋበታል፤ የሰዉ እርግጫ ይውጠዋል። ይህችን የመጨረሻዋን ነገር ያን ጊዜ ልብ አላልኳትም።

ምላሽ 8። እውነት ሊሆን ይችላል ወይ ብሎ አንድ ሰው መምህሩን ጠየቀ፤ እሳቸውም አሰሉት። ከበሮው 20 ሜትር ቢርቅ በአየር ለመድረስ 60 ሚሊ ሰከንድ ያህል ይፈጃል። በዚያ ለስላሳ የእሳተ ገሞራ ዐለት ውስጥ ሞገዱ በሰከንድ 2000 ሜትር ይሄዳል ብንል 10 ሚሊ ሰከንድ ይበቃዋል። ልዩነቱ የሰከንድ ሃያኛ ክፍል ነው፤ ልማድ ያለው ሰው ሊያስተውለው ይችላል። ዲያቆኑ በጣም ደስ አለው። እኔም ደስ አለኝ።

ምላሽ 9። ይህን የጻፈው ሐርቡ አካባቢ ያደገ የገበሬ ልጅ ነው፤ ታሪኬን ከሥሩ የነቀነቀውም እሱ ነው። ፍልፈል እንዴት ይጠበቅ እንደነበር ነው የነገረን። ፍልፈሉ አፈር እየገፋ ሲወጣ ልጆቹ ዶማ ይዘው ጉብታው ጋ ይቆማሉ። እግር ማንሣት የለም፤ ሰውነትን ከአንዱ እግር ወደ ሌላው ማዛወርም የለም። የሚረግጥ ሰው ከሩቅ ከመጣ ፍልፈሉ መግፋቱን ያቆማል፤ ሰውየው ሲቆም እሱም እንደቆመ ይቆያል። ያ አፈር እንደገና እስኪነቃነቅ የሚጠበቀው ጊዜ ለልጅ መከራ ነው፤ ላብ በዓይን ይገባል፣ ዝንብ ከንፈር ላይ ይቀመጣል። እናም ጠየቀኝ፦ ፍልፈሉ ለመስማት ራሱ መቆም ካስፈለገው፣ ያንተ ፍጡር በስድስት እግሩ መሬቱን እየደበደበ ሲሄድ የሰው ኮቴ እንዴት ይሰማዋል? ከማንም በፊት የሚሰማው የራሱን ነው።

መልስ አልነበረኝም። እየሄደም ይሰማል ያልኩት ሐሰት መሆኑ ገባኝ።

ምላሽ 10። ውጭ አገር የሚኖር የመርሳ ልጅ የሐርቡውን ደገፈ። ዝሆኖች ሩቅ ያለ መንጋ ያሰማውን፣ በሰከንድ 20 ጊዜ ያህል የሚርገበገብ ጉርምርምታ በመሬት በኩል ሲሰሙ፣ ሰሚዎቹ ባሉበት ቀጥ ይላሉ፤ ክብደታቸውን ወደ ፊት እግራቸው ያስደግፋሉ፣ አንዳንዴም አንዱን እግር ከመሬት ነጠል ያደርጋሉ። በእግራቸው መዳፍ ያለው ወፍራም የጮማ ትራስ ንዝረቱን ተቀብሎ ያስተላልፋል። የመካከለኛው ምሥራቅ ዕውሩ ፍልፈል ደግሞ ራሱን ከጉድጓዱ ጣሪያ ጋር እያጋጨ ለጎረቤቱ መልእክት ይልካል፤ ልኮ ሲያበቃ ዝም ብሎ ይጠብቃል።

ምላሽ 11። እዚህ ጋ ድምፁ ተለወጠ። ስፍራውን ያልነገረን ሰው ሳያጠኑ መጻፍ ድፍረት ነው ብሎ ጀመረ። መሬት ዝም የምትል ይመስልሃል ወይ አለኝ። የውቅያኖስ ማዕበል የባሕሩን ወለል ሲደበድብ የሚፈጠረው ውዝዋዜ፣ ባሕር ከማይታይበት መሀል አገር ሳይቀር ሌት ተቀን በመለኪያዎች ላይ ይታያል፤ አንዱ ውዝዋዜ ስድስትና ሰባት ሰከንድ ይፈጃል። ነፋስ ዛፍ ያወዛውዛል፣ ዛፉ መሬቱን ይነቀንቃል። ጅቡቲ የሚመላለሰው ተሳቢ በኮምቦልቻ ሲያልፍ የሚያደርገውን የሚያውቅ ያውቃል። ሁሉን የሚሰማ ምንም አይሰማም ሲል ዘጋው። አነጋገሩ ከብዶኛል፤ ነገሩ ግን እውነት ነውና አመሰገንኩት።

ምላሽ 12። የመርሳው ልጅ ማርስን አነሣልን። ኢንሳይት የተባለው የናሳ መንኮራኩር እ.ኤ.አ. ከ2018 እስከ 2022 እዚያ ተቀምጦ ከ1300 በላይ የማርስ መንቀጥቀጦችን መዝግቧል። ማርስ ባሕር ስለሌላት መሬቷ ከእኛው ይልቅ ጸጥ ያለ ነው፤ ቀን ቀን ግን ነፋሱ መለኪያውን ያውከዋል። ነፋሱ ወደ ማታ ጋብ ሲል ነው ደካማው መንቀጥቀጥ የሚገኘው። ይህችን ሳነብ ከመቀመጫዬ ተነሣሁ። ፍጡሮቼ ቀን ሠርተው ጀምበር ስትጠልቅ ሁሉም ባሉበት ይቆማሉ፤ ማዳመጫ ሰዓታቸው እሱ ነው። አያቴም እንዝርቷን ሳታቆም ሰው መጣ ብላ አታውቅም።

ምላሽ 13። ስለ ጨረቃ የጻፈ አንድ ሰው አለ። የአፖሎ ተጓዦች ያስቀመጧቸው መለኪያዎች እስከ እ.ኤ.አ. 1977 ሠርተዋል። ጨረቃ ላይ አንድ ነገር ሲወድቅ ንዝረቱ እንደ ተመታ ደወል ረጅም ጊዜ ሳይበርድ ይቆያል፤ ሽፋኗ ደረቅና የተሰነጣጠቀ ስለሆነ ሞገዱ እዚህም እዚያም እየተላተመ ይመለሳል። የፍጡሬ አገር እንዲህ ያለ ከሆነ መስማቱን ይሰማል፤ ከየት እንደመጣ ግን አያውቅም። አገሩን አለሰለስኩለት፤ ከሥር ውሃ ያዘለ ዐለት አደረግሁት።

ምላሽ 14። አንድ የኮምቦልቻ ሰው በ2017 ፈንታሌ በኩል በተነሣው መንቀጥቀጥ ጊዜ፣ በአንዱ ሌሊት አህያቸው ጋጣው ውስጥ ደንግጣ እንዳናፋች፣ እሳቸው ኩራዝ ፍለጋ ሲዳብሱ ቤቱ መወዛወዝ እንደጀመረ ተረኩ። ከዚህ ተነሥተው እንስሳ የሚመጣውን ያውቃል አሉ።

ምላሽ 15 እና 16 መራር ናቸው። የ11ኛው ሰው ተመልሶ ነገሩን ተረት አለው፤ አህያ በየሌሊቱ ታናፋለች፣ መንቀጥቀጥ የሆነ ዕለት ብቻ ይታወሳል ብሎ። የኮምቦልቻውም ሰው በሽበታቸው ውሸታም መባልን አልታገሡም። ሁለቱም የተባባሉትን እዚህ አልደግመውም።

ምላሽ 17። አንዲት የባቲ እናት ገቡ። አብሽሩ፣ ጠብ በአቦል አይጀመርም፣ በረካ እስኪደርስ ነገሩ ይጠጣ አሉ። ሁለቱም ዝም አሉ። ባለ ብዙ ሰው ክር ላይ እንዲህ ያለች እናት ትኑር።

ምላሽ 18። በረካውን ያፈሉት መምህሩ ናቸው። መንቀጥቀጥ ሲነሣ ፈጣኑ ግን ደካማው ሞገድ ይቀድማል፤ ብርቱው፣ ቤት የሚያወዛውዘው፣ ይከተላል። በሁለቱ መካከል እያንዳንዱ ሰከንድ 8 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀት ነው። ፈንታሌ ከኮምቦልቻ ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል፤ ስለዚህ በሁለቱ ሞገዶች መካከል 25 ሰከንድና ከዚያ በላይ አለ። ተኝቶ የነበረ ሰው ፊተኛውን ላያውቀው ይችላል፤ አራት እግሯን መሬት የተከለች አህያ ግን ልትነቃበት ትችላለች። ኩራዝ ዳብሶ ለመፈለግ 25 ሰከንድ በቂ ነው። ከቀናት በፊት ማወቅ ግን ሌላ ነገር ነው፤ ማንም እስካሁን አላረጋገጠውም።

ምላሽ 19። የ11ኛው ሰው የኮምቦልቻውን አባት ይቅርታ ጠየቀ። አጭር ነው፣ ግን ከልቡ ነው።

ምላሽ 20። አንድ ከሚሴ የሚኖሩ አዛውንት የ1953ቱን ነገሩን። በግንቦት ወር ካራቆሬ ላይ በደረሰው መንቀጥቀጥ ማጀቴ ክፉኛ ስትፈርስ፣ የአዲስ አበባና የደሴ መንገድም ሲሰነጣጠቅ እሳቸው ከብት ጠባቂ ልጅ ነበሩ። ከዚያ በኋላ ሕዝቡ ከቤት ወጥቶ ሜዳ ላይ ማደር ያዘ፤ መሬቱ አልረጋ ብሎ ነበርና። በሜዳው አዳር ልጆቹ አንድ ነገር ለመዱ። መሬት ላይ በጎናቸው ተኝተው፣ ከመናጡ በፊት ከሆድ ሥር የሚመጣ ጉርምርምታ ሲሰሙ እናቶቻቸውን ይቀሰቅሳሉ። ቆሞ ዘብ የሚያድር ጎረምሳ ነበር፤ እሱን ግን ሁልጊዜ የተኙት ልጆች ይቀድሙት ነበር። አባቴ፣ እድሜ ይስጥልኝ፤ የተኙት ልጆች ያሉኝን ቃል አስምሬበታለሁ።

ምላሽ 21። አንድ ሰው ተቆጣ። በወሎ ተራራ ሥር ናዳ እርሻና ቤት እየወሰደ ስለሌለ ፍጡር ጆሮ ማውራት ቅንጦት ነው አለ። ጎፋን አስታወሰን፤ ሐምሌ 15 ቀን 2016 ከ200 በላይ ሰው አለቀ፤ የመጀመሪያው ናዳ የቀበራቸውን ሊያወጡ የሮጡትን ሁለተኛው ቀበራቸው። የእሱም ቤተሰብ የማሽላ ማሳ በናዳ እንደሄደ በመጨረሻ ነገረን። ቁጣው የገባኝ ያን ጊዜ ነው። ማንም አልመለሰለትም ብሎ እንዳያዝን ወዲያው ጻፍኩለት።

ምላሽ 22። የመንገድ ሥራ ቀያሽ የሆነ የደሴ ሰው በጥሩ አነጋገር መለሰለት። ጂኦፎን የሚባል መሣሪያ አለ፤ በጸደይ ሽቦ የተያዘ ጥቅልል በማግኔት መካከል ይነዝርና ኤሌክትሪክ ያመነጫል፤ ከእኔው ጠጠር ጋር አንድ ሥራ ነው። በሌሎች አገሮች ጭቃና ቋጥኝ የሚወርድባቸው ሸለቆዎች ዳር ይተክሉታል፤ ጎርፉ ከላይ ሲነሣ ከታች ላለው ሰው ደወል ይሰጣል። ነገር ግን ውሃ የጠገበ አፈር ብዙ ሳይነዝር በዝግታ ሊንሸራተት ስለሚችል መሣሪያ ብቻውን አይበቃም። ገደል አፋፍ ላይ አዲስ ስንጥቅ ካያችሁ፣ አጥሩ ወይም ዛፉ ካዘነበለ፣ ምንጩ ድንገት ከደፈረሰ፣ ዝናቡ እስኪያባራ አትጠብቁ፣ ልቀቁ አለ። ስለዚህ አንድ ምላሽ ሲባል ክሩ መከፈቱ አይቆጨኝም።

ምላሽ 23። እስካሁን ካነበብኩት ሁሉ ይህን ደጋግሜ አንብቤዋለሁ። የጻፈችው ኮምቦልቻ ልብስ የምትሰፋ ሴት ናት። በስድስት ዓመቷ በማጅራት ገትር መስማት እንዳቆመች ነገረችን፤ እንድታዝኑልኝ አይደለም፣ እንድታርሙት ነው አለች።

ያረመችን ይህን ነው። እግር መቆሚያ ነው። ሰው ሲቆም መዳፉ ሥራ ላይ ነው፣ ሚዛን ይጠብቃል፣ ክብደት ይሸከማል፤ ተጨማሪ ወሬ ለመቀበል ፋታ የለውም። እሷ ማወቅ ስትፈልግ የስፌት መኪናዋን መርገጥ ታቆማለች፤ መኪናው ሲሮጥ ዓለም ሁሉ መኪና ነው። ከዚያ ክርኗን ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ ታደርጋለች። በሩ ከተከፈተ በጠረጴዛው እግር አድርጎ፣ በሳንቃው፣ እስከ ክርኗ አጥንት ይመጣል። የእናቷ አረማመድ አንዱ እግር ከባድ ሌላው ቀላል ነው፤ የደንበኛ ጫማ ተረከዝ ሹል ነው፤ ፍየሏ ከገባች አራቱም ቶሎ ቶሎ ይከታተላሉ።

ያደገችው በእበት በተለቀለቀ የጭቃ ቤት ነው። እዚያ መደብ ላይ ስትቀመጥ ከደጅ የሚመጣውን በዳሌዋ አጥንት ትለይ ነበር። አሁን የተከራየችው የኮንዶሚኒየም ክፍል ሲሚንቶ ነው። ሁሉ ነገር ይደርሳታል፤ የላይኛው ፎቅ በር፣ የጎረቤት ሙቀጫ፣ የደረጃው ሩጫ። ከየት እንደመጣ ግን አታውቅም፤ ከግድግዳ ግድግዳ ተጋጭቶ ነው የሚገባው። ጨረቃ እንዲህ ናት ሲባል እኔ እዚያ ነው የምኖረው አለች። አካሉን ከእግር አውጥተህ አጥንት ላይ አድርገው፣ ፍጡሩም ይቀመጥ ብላ ጨረሰች።

ካነበብኩ በኋላ አያቴን እንደገና አየኋት። እንዝርቷን ስታቆም እግሮቿ ከመደቡ ተንጠልጥለው ነበር፤ ወለሉን አልነኩም። መደቡን የነካው ግራ እጇ ነው። ጣቶቿን ዘርግታ፣ የእጇን ተረከዝ ጫን አድርጋ፣ ጭቃው ላይ ታሳርፈዋለች። አቧራው በቆዳዋ መስመሮች ገብቶ ነጭ ሆኖ ይታይ ነበር። ይህን ሁሉ አይቼዋለሁ፤ ግን ለእግር ነው ብዬ ስለወሰንኩ አልቆጠርኩትም ነበር። እኅቴ፣ ምስጋናዬ ብዙ ነው።

ምላሽ 24። አንድ ነርስ የእጁን ነገር አብራራችልን። ከቆዳችን ሥር፣ በተለይም በእጅ መዳፍና በጣቶች፣ እንደ ሽንኩርት ልጥ በልጥ የተደራረቡ፣ አንድ ሚሊ ሜትር ያህል የሚረዝሙ የስሜት አካላት አሉ፤ ጣሊያናዊው ፓቺኒ እ.ኤ.አ. በ1830ዎቹ ስለገለጻቸው በስሙ ይጠራሉ። በሰከንድ 250 ጊዜ ገደማ የሚርገበገብ ንዝረት ይበልጥ ይነካቸዋል፤ እጅግ ደቃቅ እንቅስቃሴ ይበቃቸዋል። ለዝግተኛው ሞገድ ግን አይሆኑም። መምህሩ ሁለት ዓይነት አካል ያሉትን እሷም ደገፈችው።

ምላሽ 25። የቆቦው ወጣት እባብን ጨመረ። እባብ የውጭ ጆሮ የለውም፤ የታችኛው መንጋጋው መሬት ላይ ሲያርፍ ንዝረቱ በመንጋጋው አጥንት ወደ ውስጥ ጆሮው ይሄዳል።

ምላሽ 26። እዚህ ላይ እኔ አዲሱን ፍጡር አቀረብኩ። እግሮቹ ስድስት ናቸው፤ ጠጠር የለባቸውም። በደረቱ ላይ ወደ ታች የወጣ ሰፊ አጥንት አለው፤ ከሆዱ በፊት መሬት የሚነካው እሱ ነው። በአጥንቱ ውስጥ እንቁላል የሚያህል ከባድ ጠጠር በላላ ጅማት ተንጠልጥሏል፣ ለሩቁና ለዝግተኛው። በጠርዙ ዙሪያ ሽንብራ ሽንብራ የሚያካክሉ ብዙ ጠጠሮች አሉ፣ ለቅርቡና ለፈጣኑ። ቆሞ ሲሄድ ደንቆሮ ነው ማለት ይቻላል። ሲመሽ ይንበረከካል፣ ደረቱን ያስነካል፣ ያዳምጣል። ሰው ሲያዳምጥ አጠገቡ መራመድ በዚያ አገር ነውር ነው። እንግዳ ከሩቅ ሲመጣ በየተወሰነ መንገድ ይቆማል፤ እኔ ነኝ ለማለት አረማመዱን ያሰማል፣ ከዚያ መልስ ይጠብቃል።

ምላሽ 27። የሐርቡው ልጅ አንድ አደጋ አየ። ተንበርክኮ የሚያዳምጥ ፍጡር ለመሸሽ ይዘገያል። ስለዚህ ብቻውን የሚያዳምጥ አይኑር፤ ሌላው ቆሞ በዓይኑ ይጠብቅለት አለ። ተቀበልኩት። የማዳመጥ ጓደኛ የሌለው ፍጡር የሚገጥመው ነገር አሁን የታሪኩ መሀል ሆኗል።

ምላሽ 28። ግእዝ የተማሩት አባት ተመለሱ። አካሉ ከእግር ስለወጣ እግረ ጆሮ ወደቀ አሉ፤ እዝነ እግርም አብሮ። እዝነ ምድር ይባል ብለው ሰጡን። ቀድሞ የተቃወመውም ልጅ ይህኛው ያምራል አለ። እዝነ ምድር ብዬዋለሁ።

ምላሽ 29። የሐይቅ ልጅ ነው፤ የአስረኛ ክፍል ተማሪ። እሱ ሞከረው። ዓይኑን በሻሽ አስሮ፣ ጆሮውን በጥጥ ደፍኖ፣ ታናሽ ወንድሙ ከጉልበቱ ከፍታ መጅ እየጣለ እንዲርቅ አደረገ። ደረቅ ዋልካ ላይ ባዶ እግሩን ቆሞ እስከ 9 እርምጃ ተሰማው። ተቀምጦ መዳፉን ሲያሳርፍ እስከ 15። በሆዱ ተኝቶ አገጩን መሬት ሲያስነካ እስከ 21። የሐይቁ ዳር አሸዋ ላይ ግን ቆሞ 4፣ በአገጩ 8 ብቻ። ወንድሙ እያታለለው እንዳይሆን መጁን ሳይጥል እንዲቆጥርም አድርጎታል። በዚህ ሳምንት ዝናብ ስለጣለ የዋልካው ስንጥቅ ተዘግቷል፤ እግር የማይዝ ሲሆን እርጥቡን ይለካል። ዐለት ላይ የሚሞክርለት ሰውም ጠየቀ።

ምላሽ 30። የላሊበላው ዲያቆን እኔ እሞክረዋለሁ አለ። ቁጥሩ እንዲነጻጸር እኩል መጅ ያስፈልገዋልና ክብደቱን ጠይቋል። ልጁ ገና አልመዘነውም።